በቃሬዛ የተለካው መንገድ

መርሳ ላይ ማመልከቻ የሚጽፍ ሰው ብዙ ነው፤ ጸሐፊ ግን አንድ ነው ይባላል፤ የሚባለውም ስለ እኔ ነው። እኔ አላስወራሁትም። ከፍርድ ቤቱ አጥር ውጭ፣ ከዋንዛው ሥር፣ አንድ ጠረጴዛና ሁለት ወንበር ይዤ ከሠላሳ ዓመት በላይ ተቀምጫለሁ። በዚያ ሁሉ ዘመን የጻፍሁትን ማመልከቻ በቃላት ስህተት የመለሰብኝ ዳኛ የለም። በሌላ ምክንያት የመለሱብኝ ጥቂት አሉ፤ አንዱን ወደ ታች እናገራለሁ።

የትምህርት ቤት ደጃፍ አልረገጥሁም። ፊደል የቆጠርሁት በወጣትነቴ ወፍጮ ቤት ስሠራ ነው። በየጆንያው ላይ የባለቤቱ ስም በከሰል ይጻፍ ነበር፤ ጆንያ ብሳሳት ዱቄት የተቀየረባት ሴት ጉሮሮዬን ታንቀኛለች። ስለዚህ ሰውየውን አይቼ፣ ጆንያውን አይቼ፣ ፊደሉን ከሰውየው ጋር እያዛመድሁ ለመድሁ። ሕጉን ደግሞ ወልድያ ማክሰኞ ገበያ አሮጌ መጽሐፍ መሬት ላይ ዘርግቶ ከሚሸጥ ሰው ገዛሁት፤ ሽፋኑ የተገነጠለ የፍትሐ ብሔር ሕግ። ከመጀመሪያው ቁጥር እስከ መጨረሻው አራት ጊዜ አንብቤዋለሁ። አራት ጊዜ ያነበበ ጠበቃ ካለ ይምጣና እንተያይ። አዲስ ዳኛ ተመድቦ በመጣ ቁጥር ሳምንት ሳይሞላው "ይህን የሚጽፈው ማን ነው?" ብሎ ይጠይቃል። የወልድያ ጠበቆች "የዋንዛው ሰውዬ" ይሉኛል። ሲሉኝ ፈገግ እያሉ ነው፤ ፈገግታው ግን መልስ ሲጽፉልኝ ይጠፋል።

የምኖረው ከአስፋልቱ በላይ ባለው ሰፈር ነው። ከሰፈሩ ወደ አስፋልት የሚያወርድ አንድ መንገድ አለን፤ በከተማው ፕላን ስድስት ሜትር ሆኖ የተሰመረ። ባጃጅ ይወጣበታል፣ ጋሪ ይገባበታል፣ ሬሳ ይሸኝበታል። ከመንገዱ በግራ በኩል የአንድ እህል ነጋዴ መጋዘን አለ፤ በቀኝ የድንጋይ ካብ ነው። ከመጋዘኑ ጀርባ ደግሞ አንዲት ባሏ የሞተባት ሴት ከልጇ ጋር ትኖራለች። ሌላው የሰፈሩ ሰው ቢቸግረው በላይ በኩል ዞሮ ይወርዳል። የሷ ቤት ጀርባው ገደል ስለሆነ መውጫዋ ያው በመጋዘኑ ፊት የሚያልፈው መንገድ ብቻ ነው።

ጦርነቱ በክረምት እኛ ዘንድ ሲደርስ ሰፈሩ ባዶ ሆነ። እኔ የሕግ መጽሐፌንና ሁለት ጋቢ ይዤ ግራና ከተማ አጠገብ ዘመድ ቤት ገባሁ። ሴትዮዋና ልጇ በእግራቸው ወደ ደሴ ሄዱ። ልጇ የሃያ ስድስት ዓመት ሰው ነው፤ አስፋልት ዳር በአንዲት ጠባብ ሱቅ ስልክ ይጠግን ነበር። መንገድ ላይ ከባድ መሣሪያ አጠገባቸው ወደቀ። ነፍሱ ተረፈች፤ ከወገቡ በታች ግን አልታዘዘውም።

ነጋዴው ብቻ ከሰፈሩ አልወጣም። መጋዘኑ ተሰብሮ ተዘረፈ። ቀብሮ ያተረፈው ማሽላ ነበረው፤ ታኅሣሥ ላይ ተመልሰን ባዶ ቤት ስንገባ ያንን እያወጣ ለየቤቱ በጣሳ አደለን። ይህን መጻፍ አለብኝ፤ ያለዚያ የቀረው ነገር አይገባም። ባይሰጠን ኖሮ አንዳንዶቻችን ያንን ወር አናልፈውም ነበር።

እንደገና እንዳይዘረፍ ብሎም ከመጋዘኑ ፊት ሁለተኛ የቆርቆሮ አጥር አቆመ፤ አጥሩ ያረፈው መንገዱ ላይ ነው። "ለጊዜው ነው፤ አገር እስኪረጋ" አለ። ማንም አልተናገረውም። አገሩ ረጋ ሲል ግን ከአጥሩ ውስጥ ሚዛን ተተከለ፣ ጆንያ ተደረደረ፣ ገዢ ይመጣ ጀመር። በአጥሩና በካቡ መካከል የቀረውን እኔ ራሴ ለካሁት፤ አንድ ክንድ ከስንዝር ነው።

የሴትዮዋ ልጅ ከሆስፒታል ሲወጣ ተሽከርካሪ ወንበር ተሰጥቶት ነበር። ወንበሩ ከዚያ ክፍተት በአራት ጣት ይሰፋል።

እናቱ በየጠዋቱ አዝላው ትወርዳለች፣ አስፋልት ዳር ታስቀምጠዋለች፣ ተመልሳ ወንበሩን አጥፋ በራሷ ተሸክማ ታመጣለች። ማታም እንዲሁ። አንድ ወር እንደዚህ ከሠሩ በኋላ ልጁ ቀረ። "ጺሜን አሳድጌ በእናቴ ጀርባ ደንበኛ ፊት አልወርድም" አለ። የሱቁ ባለቤት የማይከፈት ከሆነ ለሌላ ሰው እንደሚያከራየው ላከበት። ያን ጊዜ ነው እናቱ ወደ ዋንዛው የመጣችው።

"አባባ፣ ክስ ጻፉልኝ።"

"ማንን ልትከሺ?"

ነጠላዋን አስተካከለች። "ሰውየውን አይደለም፤ ቆርቆሮውን።"

"ቆርቆሮ አይከሰስም።"

"እህሉን በልቻለሁ እኮ አባባ። የሱ ስም ከተጻፈ እጄ አይፈርምም።"

"አንቺ የምትፈርሚው በአውራ ጣት ነው" አልኋት። "አውራ ጣት ይሉኝታ የለውም።"

ሳቀች። ከዚያም ፈረመች።

የጻፍሁት ክስ አሥራ አንድ ገጽ ነበር። ስለ ሕዝብ መንገድ ምንነት፣ ስለ ከተማ ፕላን፣ የመንግሥትና የሕዝብ ንብረት በማንም ሊያዝ እንደማይችል፣ አንድም የቀረኝ የለም። ዛሬም ሳነበው ያምረኛል። ዳኛዋ፣ ገና ልጅ እግር ናቸው፣ አነበቡትና በአምስት መስመር መለሱት። መንገዱ የሕዝብ ከሆነ መክሰስ ያለበት ማዘጋጃ ቤቱ ነው፤ ከሳሽ ስለ ሕዝብ ሆና ለመክሰስ መብት የላትም፤ መዝገቡ ተዘግቷል።

ሦስት ቀን ተቆጣሁ። በአራተኛው ቀን አሥራ አንዱን ገጽ ደግሜ አነበብሁትና ስለ ልጁ ወንበር አንዲት ቃል እንደሌለች አየሁ። የማውቀውን ሁሉ ጽፌ የሴትዮዋን ችግር ረስቼዋለሁ። ለሰው አልተናገርሁም፤ አሁን ግን ዕድሜዬ ስለገፋ እናገራለሁ።

ማዘጋጃ ቤት ሄጄ የከተማውን መሐንዲስ ፕላኑን እንዲሰጠኝ ጠየቅሁት። ትሑት ሰው ነው፤ አስቀምጦ አነጋገረኝ። "ፕላኑ በዘረፋው ጊዜ ጠፍቷል፤ አዲስ እስኪሠራ በወረቀት የምሰጥዎ ነገር የለም" አለኝ። እውነቱን ነው። የዚያን ሰሞን ወረቀት ሁሉ መንገድ ላይ ተበትኖ ነበር፤ ቆሎ የሚሸጡ ሴቶች እየለቀሙ ይጠቀልሉበታል። አንድ ቀን የገዛሁት ሽምብራ በራሴ የእጅ ጽሑፍ ተጠቅልሎ መጣ፤ የአንድ የውርስ ክርክር ገጽ ሦስት። ሽምብራውን ኪሴ ውስጥ ገለበጥሁና ቆሜ አነበብሁት። ጥሩ ተጽፏል።

በክረምቱ መጨረሻ በቆቦ በኩል እንደገና ተኩስ ተሰማ። ችሎት ተቋረጠ፣ ሰዉም ግማሹ ዕቃውን ቋጠረ። እኔ በዚህ ጊዜ አልተነሣሁም። ቤቴ ተቀምጬ ሁለተኛውን ክስ ጻፍሁ፤ ሁለት ገጽ ብቻ። መንገዱ የማንም ይሁን የማን፣ ከሳሽ ከቤቷ የምትወጣበትን ተከሳሽ ዘግቶባታልና ሁከቱ ይወገድላት የሚል ነው። የወንበሩን ስፋትና የክፍተቱን ስፋት በመጀመሪያው መስመር ላይ አስገባሁ። ሰላም ወርዶ ችሎት ሲከፈት አስገባችው፤ ዳኛዋም ተቀበሉት።

ነጋዴው ከወልድያ ጠበቃ አቆመ። ጠበቃው ሲመልስ፣ ያ መንገድ ከጥንትም የእግር መንገድ ነበር፣ ከሁለት ክንድ በልጦ አያውቅም፣ ደንበኛዬም የገፋው ነገር የለም አለ። ዳኛዋ ከሳሽ የመንገዱን የቀድሞ ስፋት በምስክር ታስረዳ ብለው ቀጠሩ።

ሰባት በር አንኳኳሁ። ሰባቱም ያንን መንገድ ከልጅነታቸው ጀምሮ የሚያውቁ ናቸው። ከሰባቱ አንዱ፣ ግንበኛው፣ እንዲህ አለኝ፦ "አያ፣ ዓይኔ አይቷል። አፌ ግን ማሽላውን በልቷል።" ሌላው ጆሮው እንደማይሰማ ሆነ፤ ባለፈው ሳምንት በግ ሲያሻሽጥ በሹክሹክታ ሲዋዋል አይቼዋለሁ። ቤቴ ገብቼ ሳማርር ባለቤቴ፣ "እኛም ቤት ሁለት ጣሳ ገብቷል እኮ" አለችኝ።

"ለአንቺ ነው የሰጠሽ" አልኋት።

"ገንፎውን ማን በላው ታዲያ?"

ለማንኛውም የከሳሽ ጸሐፊ ምስክር ሊሆን አይችልም።

ቀጠሮው ሊደርስ አምስት ቀን ሲቀረው ለቅሶ ደረስሁ። ነጋዴውም መጥቶ ከጎኔ ተቀመጠ። እኛ አገር ክርስቲያኑም እስላሙም ለቅሶ ላይ አንድ ነው፤ የተካሰሰም ሰው አንድ ምንጣፍ ላይ ይቀመጣል። እንደ ልማዱ የአባቱን ቀብር ማውራት ጀመረ። ይህን ወሬ በየለቅሶው ያነሣዋል፤ ሰፈሩ በሙሉ በቃሉ ያውቀዋል። አባቱ ከላይኛው ሰፈር ይኖሩ የነበሩ፣ የተከበሩ ሰው ናቸው። ስንት ሰው እንደመጣ፣ ከየት እንደመጣ፣ ቃሬዛውን ለመያዝ እንዴት እንደተሻማ ይዘረዝራል። አብረውት የተቀመጡት ሰዎች ዳዊት እንደሚደግም ሰው ከንፈራቸውን ያንቀሳቅሱ ነበር። እኔም ግማሽ ልቤ ተኝቶ ስሰማ ቆየሁና ድንገት ከተቀመጥሁበት ቀና አልሁ።

ሰው የሚኮራበትን ሲያወራ አጥር የለውም። ይህን ከማንም በላይ እኔ አውቀዋለሁ።

እኔ ፈቃድ ያለው ጠበቃ ስላልሆንሁ ችሎት ቆሜ አልናገርም። የሕግ ሥርዓቱ ግን ተከራካሪ ተከራካሪውን በዳኛ ፈቃድ እንዲጠይቅ ያስችላል። ስለዚህ ሦስት ጥያቄ አወጣሁና ሴትዮዋን አስጠናኋት። ማንበብ አትችልም፤ በቃሏ ያዘቻቸው። አንዱን ጥያቄ እንዳትደርብ፣ መልሱ ሳያልቅ እንዳታቋርጥ፣ በተለይም አባቱን በክብር እንድታነሣ ነገርኋት።

"ይህ ሰው አይበደልም?" አለችኝ።

"ውሸት የለበትም። ስለ አባቱ ነው የምትጠይቂው።"

በቀጠሮው ቀን ችሎቱ በር ላይ ቆሜ ሰማሁ። ምስክር አለሽ ወይ ስትባል፣ "ምስክር የለኝም። ተከሳሽን ብቻ ልጠይቅ" አለች። ተፈቀደላት።

"አባትዎ፣ አላህ ይርሐማቸውና፣ የቀብራቸው ለት ጀናዛው በየት ወረደ?"

ጠበቃው ብድግ አለ። ከጉዳዩ ጋር የሚገናኝ አይደለም አለ። ነጋዴው ግን በእጁ እንዲቀመጥ ምልክት ሰጠው።

"ይመለስላት እንጂ። የአባቴ ነገር የሚደበቅ የለውም። በዚያው በእኛው መንገድ ነው የወረደው፤ ሌላ በየት ይወርዳል?"

"ሰው መጥቶ ነበር?"

"መጥቶ ነበር ትላለች" ብሎ ወደ ዳኛዋ ዞረ። "ከሐራ፣ ከግራና፣ ከወልድያ፣ ክርስቲያኑ ሳይቀር። አራት ሰው ተሸክሞ፣ በወዲህ ጎን ሁለት ረድፍ፣ በወዲያ ጎን ሁለት ረድፍ ሆኖ ትከሻ ለመቀየር ተራ ይጠብቃል። እኔ ከፊት በግራ በኩል ነበርሁ፤ አስፋልት እስክንደርስ ለማንም አልለቀቅሁም።"

"ረድፉ የቆመው መሬት ላይ ነው ወይስ ካብ ለካብ እየዘለለ?"

ይህን ሲሰማ ፊቱ ተቀየረ። "የኔ አባት ናቸው ካብ እየተዘለለ የሚሸኙት? በደልዳላው፣ ጎን ለጎን፣ ሳይጋፋ ነው የሄደው።"

ጠበቃው ደብተሩን ዘጋ። ነጋዴው የጠበቃውን ፊት አየና ያን ጊዜ ነው የተናገረው የገባው። ዳኛዋ ለጥቂት ጊዜ ጻፉ። ከዚያ የከተማው መሐንዲስ ሜትር ይዞ፣ ቃሬዛ ባለበት፣ ተከሳሽ በተናገረው አቋቋም ልክ ቦታው ላይ ይለካ ብለው አዘዙ።

መስጊዱ ቃሬዛውን ሰጠ። ሼኹ ባዶ ቃሬዛ ለጨዋታ አይነሣም፣ ዱዓ ይደረግበት ብለው ራሳቸው አብረው መጡ። ባዶ ቃሬዛ ወደ ሰፈር ሲወጣ ሴቶች ከየቤቱ "ማን ሞተ?" እያሉ ወጡ። "መንገዱ ነው የታመመው" አለ ግንበኛው፤ ሼኹ በዓይናቸው ገሠጹት።

ተሸካሚ ሲፈለግ ሰባቱም መጡ። ምስክር ሁኑ ስላቸው እምቢ ያሉኝ ሰባቱ፣ ሌሎችም ሳይጠሩ መጡ። እኛ አገር ቃሬዛ ያዝ ተብሎ እምቢ የሚል ሰው የለም። ማንም ስለ ማንም አልመሰከረም፤ ትከሻውን ብቻ ሰጠ።

ነጋዴው መጀመሪያ ከአጥሩ ሥር ቆሞ ያይ ነበር። ሰዎቹ ሲደረደሩ ግን አልቻለም። "እንደሱ አልነበረም" አለ። "አንተ ወደዚያ ጠጋ በል። ሰፋ በሉ፤ በግ ነው የምትሸኙት?" እንዲህ እያለ ራሱ አስተካክሎ አቆማቸውና በመጨረሻ ከፊት በግራ ያለውን እንጨት ከግንበኛው ትከሻ ተቀብሎ ተሸከመ። ከላይ ጀምረው ቀስ እያሉ ወረዱ። መጋዘኑ ጋ ሲደርሱ ከቀኝ ዳር ካለው ረድፍ በቀር ሁሉም፣ እሱ ራሱም ጭምር፣ ፊት ለፊታቸው ቆርቆሮው ገጠማቸው። ቃሬዛ ከተነሣ ወደ ኋላ አይመለስም፤ ወደ ፊትም አይሄድ። ነጋዴው እንጨቱን በትከሻው እንደያዘ ከራሱ አጥር አፍንጫ ለአፍንጫ ቆመ። ማንም አልሳቀም። ድምፁን ዝቅ አድርጎ መሐንዲሱን፣ "ለካው" አለው።

አምስት ሜትር ከግማሽ ሆነ። እኔ ስድስት ነው ብዬ ነበር፤ ረድፉ ትንሽ ተጠጋግቶ ነው እንጂ ስድስት ነው።

ፍርዱ ለሴትዮዋ ሆነ፤ አጥሩ በወር ጊዜ ይነሣ ተባለ። ጠበቃው ወልድያ ይግባኝ አለ፣ እግድም አወጣ፤ እኔም መልሱን ጻፍሁ። መልሱ ሳይታይ ግን ነጋዴው ወደ ዋንዛው መጣና ለባለጉዳይ በተዘጋጀችው ወንበር ተቀመጠ።

"አያ፣ ይግባኙን መተዌን ጻፍልኝ።"

"ጠበቃህስ?"

"ጠበቃዬ ወልድያ ነው የሚኖረው። እኔ እዚህ ነኝ።" መሬት መሬት አየ። "ለቅሶ ቤት ስለ አባቴ አፌን ስከፍት 'በየት በኩል ወረዱ?' ይሉኛል። አንዱ ሲል ሌላው ይቀጥላል። አባቴን ማውራት ተከለከልሁ እኮ።"

ጻፍሁለት። ዋጋ አልተቀበልሁትም፤ ማሽላውን አስቤ ነው። በማግሥቱ ቆርቆሮውን በራሱ ሠራተኞች አስነቀለ። ምሰሶ የተተከለበትን ጉድጓድም በጠጠር አስሞላ፤ ይህን ማንም አላዘዘውም።

ሰው ሌላውን ሲቆጥር ያሳንሳልና በዚህ ጉዳይ የሠራሁትን ራሴ ልቁጠር፦

የሕዝብን መንገድ ያለ ፕላን፣ ያለ አንድ ምስክር አስመልሻለሁ።

አሥራ አንድ ገጽ ጽፌ የተሸነፍሁትን በሁለት ገጽ አሸንፌያለሁ። ከዚያ ወዲህ ከሦስት ገጽ በላይ ጽፌ አላውቅም።

የወልድያን ጠበቃ ደብተር አዘግቻለሁ።

ሰባት ሰዎች ይሉኝታቸውን ሳያፈርሱ እውነቱን እንዲያሳዩ አድርጌያለሁ።

ከሳሽና ተከሳሽ አልተቀያየሙም፤ ባለፈው ረመዳን ሾርባ ሲላላኩ አይቻለሁ።

ሱቁ ለሌላ ሰው አልተከራየም።

ልጁ በየጠዋቱ ከቁርስ በኋላ ወንበሩን በገዛ እጁ እየገፋ ወደ አስፋልት ይወርዳል፤ ቁልቁለቱ ላይ ትንሽ ስለሚያፈጥን እናቱ በር ላይ ቆማ ትቆጣዋለች። ይህንንም ከሥራዬ እቆጥረዋለሁ። ሦስቱን ጥያቄ አንድ ቃል ሳታሳስት የጠየቀችው ግን እሷ ናት።